ስለ ጸዓዳው አን

በጃፓን አገር፣ በኪዮቶ ከተማ ለትምህርት በተቀመጥሁበት ዘመን፣ በጥር ወር አንድ ማለዳ ወደ ወጥ ቤት ስገባ፣ የተከራየሁበት ቤት ባለቤት፣ ዕድሜያቸው ከሰማንያ ያለፈ ባልቴት፣ ሌሊቱን ሲዘፈዘፍ ያደረውን ነጭ ቦሎቄ በገበቴ አቅርበው፣ ጉልበታቸውን አጥፈው በምንጣፉ ላይ ተቀምጠው፣ እያንዳንዱን ፍሬ በሁለት ጣታቸው መካከል ጨመቅ እያደረጉ ገለፈቱን ሲያወልቁ አገኘኋቸው። ገለፈቱ በአንድ ወገን፣ ልብሱን የተገፈፈው ፍሬ በሌላ ወገን ይወድቅ ነበር። እኔ ክክ በወፍጮ ሲከካ፣ ገለፈቱም በሰፌድ ሲበጠር እያየሁ ያደግሁ ሰው ነኝና፣ ከእልፍ ፍሬ መካከል አንዲቱን ለብቻዋ ይዞ እንደ ሕፃን ልብሷን ማውለቅ የሚገባ ሥራ ይሆናል ብዬ ከቶ አስቤ ስለማላውቅ፣ በበሩ ላይ ቆሜ ቀረሁ። «ኦባአሳን፣ ይህ ሁሉ በእጅ ያልቃልን?» ብዬ ጠየቅኋቸው፤ ኦባአሳን ማለት በእነርሱ ቋንቋ አያቴ እንደ ማለት ነው። ከገበቴው ቀና ሳይሉ «እጅህን ታጠብና ተቀመጥ» አሉኝ።

የሚሠሩት ነገር ሺሮአን ይባላል። በጃፓንኛ «ሺሮ» ነጭ ማለት ነው፤ «አን» ደግሞ ጥራጥሬ ተቀቅሎ፣ በወንፊት አልፎ፣ በስኳር ተማስሎ የሚገኘው፣ በልዩ ልዩ ጣፋጭ መብል ውስጥ የሚቀበረው ልዝብ ነገር ነው። «ሺሮ» የሚለውን ድምፅ በሰማሁ ቁጥር ጆሮዬ ወደ እናቴ የሽሮ ድስት መመለሱን ልደብቅ አልችልም፤ ሁለቱ ቃላት አንዳች የሥር ዝምድና የላቸውም፤ ይሁን እንጂ በሁለት ርሑቃን አገሮች አንድ ድምፅ በጥራጥሬ ድስት ዙሪያ መሰማቱ፣ በባዕድ አገር ብቻውን ለተቀመጠ ሰው እንደ ሰላምታ የሚቆጠር ነገር ነው። ወደዚያ አገር ልቤን አስቀድሞ የሳበው ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ በ1924 ዓ.ም. ጃፓንን ጎብኝተው ከተመለሱ በኋላ የጻፉት «ማኅደረ ብርሃን ሀገረ ጃፓን» ነበረ፤ ነገር ግን ያ መጽሐፍ ያስተዋወቀኝን አገር በእጄ የዳሰስሁት ከዚያ ገበቴ አጠገብ ነው።

ፍሬው ራሱ ስደተኛ ነው። ቦሎቄ የተገኘው በአሜሪካ ምድር ነው፤ ወደ ቀረው ዓለም የተበተነው አውሮፓውያን መርከበኞች ያን ምድር ካወቁት በኋላ ነው። ጃፓኖች ግን «ኢንገን» ብለው ይጠሩታል፤ ይህም የመነኩሴ ስም ነው። ኢንገን በ1654 እ.ኤ.አ. ከቻይና ባሕር ተሻግረው ናጋሳኪ የደረሱ፣ ከ1661 ጀምሮም በኪዮቶ አጠገብ በኡጂ የማንፑኩጂን ገዳም የመሠረቱ ታላቅ የዜን መምህር ናቸው፤ ፍሬውን ይዘው የመጡት እሳቸው እንደ ሆኑ በትውፊት ይነገራል። ዛሬ አብዛኛው የጃፓን ቦሎቄ የሚበቅለው በሰሜን፣ በብርዳማው በሆካይዶ ደሴት ነው፤ ለሺሮአን የሚፈለገውም ትንሿ «ቴቦ» ወይም ትልቁና ጠፍጣፋው «ኦፉኩ» ነው። የከበሩ የጣፋጭ ቤቶች ከእነዚህ ይልቅ አዙኪ ከተባለው ትንሽ ጥራጥሬ ነጩን ዓይነት ይመርጣሉ፤ እርሱ ግን ጥቂት ስለሚበቅል ዋጋው የማይቀመስ ነው። የኦባአሳን ገበቴ ኦፉኩ ነበረ።

አንድ ነገር ከመቀጠሌ በፊት ላንሣ፤ ምክንያቱም ለእኛ ለጾመኞች ልብ የቀረበ ነው። አን በቻይና በጥንት ዘመን በሥጋም የሚዘጋጅ የቂጣ ሆድ ነበረ፤ ጥበቡ ወደ ጃፓን ሲሻገር ከሥጋ የተከለከሉት የቡድሃ መነኮሳት በሥጋው ፋንታ ጥራጥሬ አስገቡበት። ከአን የሚሠራው፣ በቢላዋ እየተቆረጠ የሚበላው «ዮካን» የሚባለው ጣፋጭ ዛሬም ስሙ የሚጻፈው በሁለት የቻይና ፊደላት ሲሆን፣ የመጀመሪያው በግ፣ ሁለተኛው ትኩስ መረቅ ማለት ነው። በስሙ በግ አለ፤ በሳሕኑ ግን በግ የለም፤ ተሐራሚው መነኩሴ መብሉን ለውጦ ስሙን እንደ ነበረ ስለ ተወው፣ በጉ በፊደል ብቻ ተርፎ ይኖራል። በመጀመሪያው ዘመን ይህ ሁሉ በጨው እንጂ በስኳር አልነበረም፤ ስኳር ከባሕር ማዶ የሚመጣ፣ እንደ መድኃኒት የሚመዘን ነገር ነበርና። ጣፋጭነቱ የጸናው ከ17ኛውና ከ18ኛው መቶ ዘመን ወዲህ፣ ይልቁንም የጦር ገዥው ሾጉን ዮሺሙኔ ሸንኮራ አገዳ በአገር ውስጥ እንዲተከል ካዘዙ በኋላ ነው። በ1874 እ.ኤ.አ. በቶኪዮ ኪሙራያ የተባለው ዳቦ ቤት አንን በዳቦ ሆድ አስገብቶ «አንፓን» አለው፤ በዓመቱም ለንጉሠ ነገሥት ሜጂ ገበታ ቀረበ። ታሪኩ ሰፊ ነው፤ እኔን የሚይዘኝ ግን ድስቱ ነው።

ገለፈቱ የወለቀው ፍሬ በቀዝቃዛ ውኃ ተጥዶ ሲፈላ፣ ያ የመጀመሪያ ውኃ ከነአረፋው ይደፋና በአዲስ ውኃ ይተካል፤ ይህን «ሺቡኪሪ» ይሉታል፣ ምረቱን ቆርጦ መጣል እንደ ማለት ነው። ከዚያ እሳቱ ዝቅ ይላል፤ ፍሬው እርስ በርሱ እንዳይጋጭና ያለ ጊዜው እንዳይፈርስ፣ ድስቱ የሚንተከተክ ሳይሆን የሚተነፍስ ብቻ መሆን አለበት። ውኃው አልታዘዝ ብሎ ሊገነፍል ሲነሣ፣ ኦባአሳን አንድ ኩባያ ቀዝቃዛ ውኃ ይጨምሩበታል፤ እርሱም «ቢኩሪ ሚዙ»፣ የድንጋጤ ውኃ ይባላል፤ ድስቱ በእውነት እንደ ደነገጠ ሰው በአንድ ጊዜ ዝም ይላል። ከአንድ ሰዓት በላይ እንዲህ ከቆየ በኋላ አንዲት ፍሬ ወጥታ በሁለት ጣት መካከል ትፈተናለች፤ ምንም ሳትቃወም ከተፈታች ሞክካለች፤ ከውስጧ አንዲት ጠጠር መሰል የጥሬነት ቅሪት ከተሰማች ግን ድስቱ አይወርድም። ጥሬነት ያልለቀቀው ቦሎቄ ሆድን የሚያሳምም መሆኑ አንዱ ምክንያት ነው፤ ሌላው ስኳር ያልሞከከውን ፍሬ ይበልጥ ማጠንከሩ ነው፤ በእሳት ጊዜ የተጓደለውን በኋላ ማጣፈጫ ሊሞላው አይችልም።

ከዚያ የወንፊቱ ሥራ ይመጣል። ወንፊቱ ክብ የእንጨት ክፈፍ ያለው፣ መረቡም ከፈረስ ጭራ የተሠራ ነበር፤ የሞከከው ፍሬ በላዩ ላይ ይደረግና፣ ውኃ እየፈሰሰበት፣ በእጅ መዳፍ ቀስ እያለ ይታሻል፤ ረቂቁ ከታች ባለው ጥልቅ ሳሕን ይወርዳል፤ ግዙፉ፣ ከገለፈት የተረፈው ቅሪትና ያልለዘበው ጓል፣ ከላይ ይቀራል። እኔ ሥራው እዚህ ያለቀ መስሎኝ ነበር። ኦባአሳን ግን ሳሕኑን ውኃ ሞልተው በዝግታ አማስለው ተዉትና ወደ ሌላ ጉዳያቸው ሄዱ። ከሩብ ሰዓት በኋላ ተመልሰው ሲያጋድሉት፣ ነጩ ነገር ሁሉ ወደ ታች ዘቅጦ፣ ከላይ ወተት የመሰለ ውኃ ተንሳፍፎ ነበር፤ ያንን ደፍተው እንደገና ሞሉት። በሁለተኛው ጊዜ የተደፋው አጓት ይመስል ነበር፤ በሦስተኛው ጊዜ የምንጭ ውኃ ሆነ። ጠጅ የሚያጠልሉ እናቶቻችን ይህን ትዕግሥት ያውቁታል፤ አጥልሎ የሚሰጠው እጅ ሳይሆን ጊዜ መሆኑን፣ እጅ ግን ባለመቸኮሉ ብቻ የሥራው ተካፋይ መሆኑን የሚያውቅ ሰው ይህን ሳሕን ቢያይ አይደነቅም። በመጨረሻ የዘቀጠው በጥጥ ከረጢት ተደርጎ ውኃው እስኪያልቅ ይጨመቃል፤ ከከረጢቱ የሚወጣውም ጣዕም የሌለው፣ በእጅ ሲይዙት እንደ እርጥብ አመድ የሚፈረፈር ጸዓዳ ነገር ነው። ይህን «ናማአን»፣ ጥሬ አን ይሉታል።

ወደ አዲስ አበባ ከተመለስሁ በኋላ፣ ያ ሁሉ ልፋት በአንድ የኤሌክትሪክ መፍጫ ሊተካ ይችላል ብዬ አሰብሁ፤ የሞከከውን ቦሎቄ ከነውኃው አስገብቼ፣ አንዳች ቅንጣት እስከማይታይ ድረስ ፈጨሁት። ዓይን ሲያየው ከኦባአሳን ሥራ ይበልጥ የላመ ነበር። በእሳት ላይ ሳማስለው ግን እየተለጠጠ፣ ማማሰያውን እየያዘ፣ እንደ ሙጫ ሆነ፤ ከአፍ ሲገባም በላንቃ ላይ ተለጥፎ የሚቀር፣ ጣዕሙን የማይለቅ ከባድ ነገር ነበር። ያን ቀን ድስቱን አውርጄ ብዙ ሰዓት ተቀመጥሁ፤ በኋላም ምክንያቱን ከሊቃውንት መጻሕፍት ፈለግሁ።

ያገኘሁት ምክንያት ይህ ነው። የቦሎቄ ፍሬ ሕዋስ በሚባሉ፣ በዓይን በማይለዩ ጥቃቅን ጓዳዎች የተሞላ ነው፤ በየጓዳው ስታርች ተከማችቷል፣ በስታርቹም ዙሪያ ፕሮቲን አለ። ፍሬው በዝግታ ሲቀቀል ፕሮቲኑ ይረጋና ስታርቹን ከቦ ይይዘዋል፤ ስታርቹም በሙቀቱ ያብጣል፣ ይለዝባል፣ ነገር ግን ከጓዳው አይወጣም፤ በዚያው ጊዜ ጓዳና ጓዳን እንደ ጭቃ አያይዞ የነበረው ፔክቲን በውኃው ይሟሟል። ስለዚህ በወንፊት የሚወርደው ነገር የተሰባበረ ፍሬ አይደለም፤ እያንዳንዱ ቅንጣት ከጎረቤቱ የተለያየ፣ ራሱ ግን ያልተከፈተ፣ አንድ ሙሉ ሕዋስ ነው፤ ስፋቱም ከአንድ ሚሊሜትር አንድ ዐሥረኛው ገደማ ነው። በሳሕኑ ውኃ የሚንሳፈፈውና የሚደፋው ከተቀደዱት ጓዳዎች የፈሰሰው ነው፤ የሚዘቅጠው ደጁ ያልተሰበረው ነው። የመፍጫዬ ምላጭ ግን ጓዳውን ሁሉ ቀደደ፤ ስታርቹም ወጥቶ እርስ በርሱ ተያያዘ፤ ሙጫ የሆነውም በዚህ ነው።

የሃይማኖት መምህራኖቻችን የሥጋዌን ምሥጢር ሲያስተምሩ ቱሳሔንና ሚጠትን፣ ውላጤንና ኅድረትን፣ ማለት መቀላቀልንና መመለስን፣ መለወጥንና ማደርን አርቀው፣ ተዋሕዶን በተዐቅቦ፣ በመጠበቅ፣ ያጸናሉ። ይህ ቃል ለድስትና ለወንፊት እንዲነገር የተሰጠ አይደለም፤ ፍጡር ለፈጣሪ ምሳሌ ሊሆነው እንደማይችልም አውቃለሁ፤ ነገር ግን ከሕፃንነቴ ጀምሮ በልቤ ያደረ ቃል ነውና፣ የሕዋሱን ነገር ባነበብሁ ጊዜ ሳልጠራው መጣ። በአን ውስጥ አንድነት አለ፤ ምላስ ክፍሉን አይለየውም፣ ዓይን ድንበሩን አያየውም፤ ቱሳሔ ግን የለበትም፤ እልፍ አእላፍ ጓዳዎች እያንዳንዳቸው በየራሳቸው ተጠብቀው በአንድ ልዝብነት ይኖራሉ። እንዲያውም ልዝብ ያደረገው ይህ መጠበቅ ነው። እኔ በመፍጫዬ የሠራሁት ልዩነትን ሁሉ አጥፍቶ አንድ ለማድረግ ነበር፤ ያገኘሁት አንድነትም ሙጫ ሆነ።

በዚህ ጊዜ በአእምሮዬ ለረጅም ዘመን አንድ ሆነው የኖሩ ሁለት ነገሮች ተለያዩ፤ እነርሱም ማጥራትና ማድቀቅ ናቸው። ሰው ነገርን ንጹሕ ለማድረግ ሲነሣ መስበር የግድ ይመስለዋል፤ ደቀ መዝሙርን ለማነጽ ልቡን መስበር፣ ማኅበርን አንድ ለማድረግ የየአንዳንዱን ጓዳ መክፈት፣ ቋንቋን ለማስተካከል የየአገሩን አነጋገር መፍጨት ይታየዋል። እኔም መምህር ሆኜ በቆየሁባቸው ዓመታት የአንድን ብላቴና ጽሑፍ አርማለሁ ብዬ፣ የእርሱ የነበረውን ሁሉ እስኪጠፋ ድረስ የፈጨሁበትን ቀን አስታውሳለሁ፤ የታረመው ጽሑፍ ስሕተት አልነበረበትም፤ ብላቴናው ግን ከዚያ በኋላ ሌላ ጽሑፍ አላመጣልኝም። ኦባአሳን ገለፈቱን ያወልቃሉ፣ ምረቱን ይደፋሉ፣ ሦስት ጊዜ ያጥባሉ፣ በከረጢት ይጨምቃሉ፤ እንዲህ ያለ ጽኑ ማጥራት በሌላ ወጥ ቤት አላየሁም፤ ከዚህ ሁሉ በኋላ ግን የጓዳው ደጅ እንደ ተዘጋ ነው።

ለ500 ግራም ጥሬ አን 300 ግራም ገደማ ስኳር፣ ከጣት ጫፍ የማይበልጥ ጨውም ይገባል። ስኳሩ ሲጨመር የሚሆነው ነገር መጀመሪያ ያየውን ሰው ያስደነግጣል፤ ደርቆ ይፈረፈር የነበረው አን በአንድ ጊዜ ቀጥኖ እንደ አጥሚት ይፈሳል። እዚህ ላይ እሳቱ አይቀነስም፤ በዝቅተኛ እሳት የዘገየ አን መልኩ ይጠቁራልና። ማማሰያው ከድስቱ ታች እየተነሣ፣ ሳያቋርጥ፣ ሳያሽም፣ ሊጥ እንደሚያገላብጥ ሰው ከታች ወደ ላይ ይመላለሳል፤ ትኩሱ አን እየፈነዳ እጅን ስለሚያቃጥል ኦባአሳን እጃቸውን በጨርቅ ጠምጥመው ያማስሉ ነበር፤ ገንፎ ያገነፋ ሰው ይህን ሁሉ በክንዱ ያውቀዋል። ከ20 ደቂቃ በላይ እንዲህ ሲደረግ ይጠነክራል፤ ማማሰያው ባለፈበት የድስቱ ወለል ለቅጽበት ይታያል፤ ትንሽ ተነሥቶ ሲጣልም ሳይፈስ እንደ ተራራ ይቆማል። ያን ጊዜ ወርዶ፣ በእርጥብ ጨርቅ ላይ በትንንሽ ጉብታ እየተከፋፈለ እንዲበርድ ይተዋል፤ በድስቱ ውስጥ ቢቆይ የገዛ ሙቀቱ መልኩን ይለውጠዋል።

ከቀዩ አዙኪ የሚሠራው ቀይ አን በመልኩ የታወቀ፣ የበዓልና የምርቃት ምልክት ነው፤ ነጩ ግን ራሱን ለማንኛውም ኅብር የሚሰጥ ነው። ከሩዝ ዱቄት ከተሠራው ልዝብ ሊጥ ጋር ተዋሕዶ «ኔሪኪሪ» የተባለውን ጭቃ መሰል ጣፋጭ ይወልዳል፤ የጥበቡ ባለቤቶችም በእንጨት መቅረጫና በመዳፋቸው ብቻ በየካቲት የፕሪም አበባ፣ በሚያዝያ የሳኩራ አበባ፣ በመከር ቀይ ቅጠል ያደርጉታል፤ ለእያንዳንዱም እንደ ቅኔ ርእስ ስም ያወጡለታል። በሻይ ሥርዐት ላይ እንግዳው መራራውን አረንጓዴ ሻይ ከመጠጣቱ በፊት ይህን በትንሽ የእንጨት ሹል ከፍሎ ይበላዋል። ጠቢቡ ግማሽ ቀን የደከመበት አበባ በሦስት ጉርሻ ያልቃል፤ በአበባው ሥር የነበረውን የነጭ ቦሎቄ ጓዳ ግን የሚያመሰግን የለም። እኔ ይህን እንደ ጉድለት አልቈጥረውም። አን የሚለው ቃል ከመጀመሪያው የውስጥ ነገር ስም ነበርና፣ በውስጥ የሚኖር ነገር ሳይታይ ሲቀር ቦታውን አላጣም።

አንድ ነገር ግን አሁንም ልቤን ያሳዝነዋል፤ የሚደፋው ነገር ነው። ከወተት መሰሉ ውኃ ጋር የቦሎቄው ሽታ፣ ከገለፈቱም ጋር ጥንካሬው ይሄዳል፤ አጥብቆ የታጠበ ሺሮአን ከንጽሕናው በቀር የሚናገረው ነገር ሊያጣ ይችላል። ጃፓኖች ራሳቸው በዚህ ላይ ሁለት ወገን ናቸው፤ ገለፈቱ ሳይወጣ የሚሠራውን «ጹቡአን» የሚወድዱ ብዙዎች አሉ። ኦባአሳንን የትኛውን እንደሚመርጡ በጠየቅኋቸው ጊዜ፣ ለእንግዳ ነጩን እንደሚያቀርቡ፣ ለራሳቸው ግን ገለፈት ያለውን ቀይ አን በሳሕን አድርገው እንደሚበሉ ነገሩኝ፤ አፋቸውን በእጃቸው ሸፍነውም ሳቁ። እኔ እጥበቱን ከሁለት ተኩል ጊዜ አላሳልፍም፤ ጥቂት የቦሎቄ ሽታ እንዲቀርበት እወዳለሁ፤ ይህ የእጄ ፈቃድ ነው፣ ለሌላው ሥርዐት ይሁን አልልም።

አሁን በቤቴ የምሠራው ከስምጥ ሸለቆ በሚመጣው ነጭ ቦሎቄ ነው፤ አገራችን ለውጭ ገበያ የምታቀርበው ነው፤ ከኦፉኩ ያነሰ፣ ገለፈቱም የጠበቀ ስለ ሆነ፣ አንድ ኪሎ ለማላቀቅ ከሰዓት በኋላውን ሁሉ ይፈልጋል። የምትሸጥልኝ ሴት «ለንፍሮ ነው?» ትለኛለች፤ «ለጣፋጭ ነው» ስላት ዝም ብላ ትሰፍርልኛለች። ስኳር፣ ጨውና ቦሎቄ ብቻ ነውና ለጾም ይሆናል፤ በዚህ ዓመት የሠራሁት በዐቢይ ጾም መገባደጃ፣ በሆሳዕና ዋዜማ ነበር። የመጀመሪያውን ውኃ በጓሮዬ ካለው የኮክ ዛፍ ሥር አፈሰስሁት። የበረደውን አን በእርጥብ ጨርቅ ሸፍኜ ስወጣ፣ ጎረቤቴ ለፋሲካ የገዛውን በግ በአጥሩ ሥር አስሮት አየሁና፣ በገበቴው የቀረውን ገለፈት ወስጄ አቀረብሁለት። አንገቱን ዘርግቶ፣ እርጥቡን ገለፈት በከንፈሩ እየለየ፣ እስከ መጨረሻው በላው።